አላውቅም ማለት ክሕደት ነውን?

በስመ አብ ወወልድ ወመንፈስ ቅዱስ አሐዱ አምላክ አሜን።

ለዛሬው ትምህርታችን መነሻ የሆነን ከአድማጮቻችን አንዱ የላከልን ደብዳቤ ነው። ስሙንና አገሩን መግለጽ አያስፈልግም። ጥያቄው ግን የእርሱ ብቻ ሳይሆን የብዙ ሰዎች ጥያቄ ነውና በሁላችሁ ፊት ልንመልሰው ወደድን።

ወጣቱ እንዲህ ሲል ያስረዳል። እናቱ በደም ግፊት ሕመም ከተያዙ ብዙ ዓመታት አልፈዋል፤ ሐኪም ያዘዘላቸውንም ኪኒን በየቀኑ ይወስዱ ነበር። በቅርቡ ወደ ጠበል ሄደው ሱባዔ ይዘው ሳሉ፥ ከጠበልተኞቹ አንዱ «እምነት ያለው ሰው መዳኑን ያውቃል፤ ከዚህ በኋላ ኪኒን መዋጥ እግዚአብሔርን መጠራጠር ነው» አላቸው። እናትም ቃሉን ተቀብለው መድኃኒቱን ተዉ። ልጃቸው «እማዬ፥ መዳንሽን በምን አወቅን?» ብሎ ቢጠይቃቸው፥ «አንተ እምነት የለህም» ብለው አለቀሱ። ከዚያ ቀን ጀምሮ በቤታቸው ሰላም ጠፍቷል። ወጣቱም ደብዳቤውን ሲፈጽም፥ «አባቶቼ ሆይ፥ እግዚአብሔርን አምናለሁ፤ እናቴ መዳኗን ግን አላውቅም። አላውቅም ማለቴ ክሕደት ነውን?» ሲል ይጠይቃል።

ይህ ጥያቄ ከላይ ሲያዩት የአንድ ቤት ጭቅጭቅ ይመስላል፤ ወደ ውስጥ ሲመለከቱት ግን ከጥንት ጀምሮ ሊቃውንትን ያመራመረ ነገር ነው። ሰው አንድን ነገር «አውቃለሁ» ለማለት የሚገባው መቼ ነው? እርግጠኛ መሆንና ማመን አንድ ናቸውን? ያላየነውን ብናምን ሞኞች እንባላለንን? ያመንነውንስ «ገና አላወቅሁትም» ብንል ከሃዲዎች እንሆናለንን? እነዚህን ጥያቄዎች በየመልካቸው ሳንለይ ለወጣቱ መልስ ብንሰጥ፥ ከእናቲቱ ወገን ወይም ከልጁ ወገን ለመሆን የቸኰልን እንሆናለን እንጂ አስተማሪዎች አንሆንም።

እንግዲህ ነገሩ ግልጽ ይሆንልን ዘንድ፥ ዕውቀት ወደ ሰው ልብ የሚገባባቸውን አራት በሮች እንመልከት። እነዚህም ሒሳብ፥ ምርመራ፥ ምስክርና መታመን ናቸው።

የመጀመሪያው በር ሒሳብ ነው። በቤተ ክርስቲያናችን የባሕረ ሐሳብ ትምህርት ለዚህ ጥሩ ምሳሌ ይሆነናል። የ2017 ዓ.ም. ትንሣኤ መቼ እንደሚውል ለማወቅ ማንም ሰው ሕልም ማየት ወይም ዕጣ መጣል አላስፈለገውም። 5500 ዓመተ ፍዳና 2017 ዓመተ ምሕረት ሲደመሩ 7517 ዓመተ ዓለም ይሆናሉ። ይህን በ19 ብንገድፈው 12 ይተርፋል፤ አንዱን ለዘመኑ ስንተው ወንበሩ 11 ይሆናል። ወንበሩን በ11 አባዝተን በ30 ብንገድፍ አበቅቴ 1 ይወጣል፤ በ19 አባዝተን በ30 ብንገድፍ መጥቅዕ 29 ይወጣል። አበቅቴና መጥቅዕ ተደምረው 30 መሆናቸው ሒሳቡ እንዳልተሳሳተ ያስረዳል። መጥቅዕ ከ14 ስለሚበልጥ በመስከረም ይውላል። መስከረም 29 ቀን ረቡዕ ነበረ፤ የረቡዕ ተውሳክ 4 ነው፤ 29ና 4 ተደምረው 33፥ 30ው ሲገደፍ 3 ይቀራል፤ ስለዚህ ጾመ ነነዌ በየካቲት 3 ቀን ገባ። የትንሣኤ ተውሳክ 9 ነውና፥ 3ና 9 ተደምረው ትንሣኤ በሚያዝያ 12 ቀን ዋለ።

በዚህ ዓይነት የሚገኝ ዕውቀት እርግጠኛ ነው። ተማሪውም መምህሩም፥ ጻድቁም ኃጥኡም ሕጉን ጠብቀው ቢቈጥሩ ወደ አንድ ቀን ይደርሳሉ። ነገር ግን ይህ ዕውቀት እርግጠኛ የሆነው ጠባብ ስለ ሆነ መሆኑን ልብ በሉ። ባሕረ ሐሳብ ትንሣኤ የሚውልበትን ቀን ይነግረናል፤ ክርስቶስ ከሙታን መነሣቱን ግን አይነግረንም። ለዚያ ሌላ በር ያስፈልጋል። «በቍጥር ያልተረጋገጠ ነገር ሁሉ ከንቱ ነው» የሚል ሰው፥ ቀኑን አውቆ በዓሉን ያጣ ሰው ይመስላል።

ሁለተኛው በር ምርመራ ነው፤ ይኸውም ማየት፥ መንካት፥ መለካት፥ ጠብቆ ደግሞ መመልከት ነው። ይህ የዛሬ ዘመን ጥበብ ብቻ የሚመስላቸው ሰዎች ኦሪት ዘሌዋውያንን ምዕራፍ 13 ያንብቡ። በቆዳው ላይ ምልክት የታየበት ሰው ወደ ካህኑ ይመጣ ዘንድ ታዝዟል። ካህኑ ምልክቱን ያያል፤ ጠጕሩ ነጭ መሆኑን፥ ቊስሉ ከቆዳው መጥለቁን ይመረምራል። ነገሩ ያልተለየለት እንደ ሆነስ ምን ያደርጋል? ነጹሕ ነህ ወይም ርኩስ ነህ ብሎ አይፈርድም። ሰውየው ለብቻው 7 ቀን ይቆያል፤ በ7ኛው ቀን ካህኑ ዳግመኛ ያየዋል፤ አሁንም ካልተለየ ሌላ 7 ቀን ይጨምርለታል።

ይህን ትእዛዝ እኛ ካህናት በተለይ ልናስበው ይገባናል። እግዚአብሔር ለሙሴ ሕግን ሲሰጥ፥ ካህኑ ያልተረዳውን ነገር እንደ ተረዳ አድርጎ እንዳይናገር ከልክሎታል። ካህኑ በእነዚያ 7 ቀናት «ገና አላወቅሁም» በማለቱ እምነት አጐደለ አልተባለም፤ እንዲያውም ሕጉን ፈጸመ። በሐዲስ ኪዳንም ጌታችን ለምጻሙን ካነጻው በኋላ ሄዶ ራሱን ለካህን እንዲያሳይ አዝዞታል። ፈዋሹ አምላክ ራሱ የፈወሰውን ሰው ለምርመራ ከላከው፥ ምርመራ የፈውስ ጠላት ሊሆን እንደማይችል የታወቀ ነው።

ሦስተኛው በር ምስክር ነው። ከምናውቀው ነገር አብዛኛው የሚገባው በዚህ በር ነው፤ እኛ በአንድ ዕድሜ በአንድ ስፍራ የምንኖር ነንና ሁሉን ራሳችን ልናይ አንችልም። ስለ ሀገራችን ክርስትና እናስብ። አባ ሰላማ ከሣቴ ብርሃን ፍሬምናጦስ በአክሱም የመጀመሪያው ጳጳስ እንደ ነበሩ በምን እናውቃለን? ያያቸው ሰው ዛሬ የለም። ነገር ግን ሩፊኖስ የተባለው የቤተ ክርስቲያን ታሪክ ጸሐፊ፥ በ5ኛው መቶ ዓመት መጀመሪያ በጻፈው መጽሐፍ፥ ታሪኩን የሰማው ከመንገድ ወሬ ሳይሆን ከፍሬምናጦስ ጋር ከተማረከው፥ በኋላም በጢሮስ ቄስ ከሆነው ከኤዴስዮስ አፍ መሆኑን ገልጿል። ቅዱስ አትናቴዎስም በ4ኛው መቶ ዓመት የሮማው ንጉሥ ቍስጠንጢዮስ ለአክሱም መሪዎች ለኢዛናና ለሳይዛና የላከውን ደብዳቤ በመጽሐፉ ጠብቆልናል፤ በዚያ ደብዳቤ ፍሬምናጦስ በስም ተጠርተዋል። በሦስተኛ ደረጃ የንጉሥ ኢዛና ገንዘቦች አሉ፤ በፊተኞቹ ላይ የጨረቃና የክብ ምልክት ሲታይ፥ በኋለኞቹ ላይ መስቀል ይታያል።

እነዚህ ሦስት ምስክሮች እርስ በርሳቸው አልተማከሩም። ሩፊኖስ የኢዛናን ገንዘብ አላስቀረጸም፤ ገንዘቡን የቀረጸው ሰው የንጉሡን ደብዳቤ አላነበበም። ከልዩ ልዩ መንገድ መጥተው በአንድ ነገር ላይ በመገናኘታቸው፥ ፍሬምናጦስ በአክሱም ወንጌልን ማስተማራቸውን ያለ ማመንታት እንናገራለን። ይህ ግን እንደ ባሕረ ሐሳብ ያለ ዕውቀት አይደለም። ሩፊኖስ አገሪቱን ሕንድ ይላታል፤ የንጉሡንም ስም አይጠቅስም። የቤተ ክርስቲያናችን ትውፊት ነገሥታቱን አብርሃና አጽብሐ ብሎ ሲጠራቸው፥ የድንጋይ ጽሑፉ ኢዛና ይላል፤ የሁለቱን ስሞች ግንኙነት በሚመለከት ሊቃውንት እስከ ዛሬ ይነጋገራሉ። ስለዚህ በምስክር የሚገኝ ዕውቀት መጠን አለው። አንዳንዱን አጽንተን እንይዘዋለን፤ አንዳንዱን «እንዲህ ሳይሆን አይቀርም» እንላለን፤ ስለ አንዳንዱም ዝም እንላለን። ሦስቱን በአንድ ድምፅ የሚናገር ሰው፥ ስሕተቱ በአንዱ ሲገለጥ እውነቱንም ያስንቃል።

አራተኛው በር መታመን ነው። ይህ በር ስለ ነገር ሳይሆን ስለ አካል ነው። «ይህ ነገር እንዲህ ነው» ከማለት አልፎ «በእርሱ እደገፋለሁ» ማለት ነው። አውግስጢኖስ ስለ ማመን ጥቅም በጻፈው መጽሐፍ ላይ አንድ ምሳሌ አቅርቧል፤ ልጅ አባቱን አባቴ ብሎ የሚያከብረው በእናቱ ቃል ነው፤ ያልተረጋገጠልኝን አላምንም የሚል ልጅ ቢኖር ወላጆቹን ለማክበር እንኳ አይችልም ይላል። በእርግጥም ጓደኛ ከጓደኛ፥ ባል ከሚስት፥ ተማሪ ከመምህር ጋር የሚኖረው አስቀድሞ ሁሉን መርምሮ ጨርሶ አይደለም። ቋንቋችንም ይህን ያውቃል። ማመን፥ መታመን፥ ታማኝ፥ አደራ የሚቀበል እሙን ሰው፥ በጸሎታችን መጨረሻ የምንለውም አሜን ከአንድ ሥር የበቀሉ ቃላት ናቸው። እንግዲህ እምነት ባዶ ግምት አይደለም፤ ታማኝ በሆነው ላይ ራስን ማሳረፍ ነው።

አራቱን በሮች ካየን ዘንድ ዋናውን ነገር እንናገር። ሰው የሚሳሳተው በአንዱ በር የሚገባውን ጥያቄ በሌላው በር ሲያስገባ ነው። «እግዚአብሔር ታማኝ ነውን?» የሚለው ጥያቄ በመታመን በር የሚገባ ነው። «የእናቴ የደም ግፊት ወርዷልን?» የሚለው ጥያቄ ግን በምርመራ በር የሚገባ ነው። እናቲቱን የመከረው ሰው የፊተኛውን ጥያቄ እርግጠኝነት ወስዶ በኋለኛው ላይ ጫነው። በሌላ ወገን ደግሞ «እግዚአብሔርን በመሣሪያ ለክታችሁ አሳዩኝ» የሚሉ ሰዎች አሉ፤ እነርሱም የመታመንን ጥያቄ በምርመራ በር ሊያስገቡት ይታገላሉ። ሁለቱ ወገኖች ተቃዋሚዎች ይመስላሉ፤ ስሕተታቸው ግን አንድ ነው።

ምናልባት «ታዲያ ጥርጥርን ልታስተምሩን ነውን?» የሚል ይኖር ይሆናል። ጥርጥርና ጥያቄ ይለያያሉ። በግዕዝ ናፈቀ ማለት ተጠራጠረ፥ ልቡን ለሁለት ከፈለ ማለት ነው፤ ንፍቅ ማለት እኩሌታ ነውና። መናፍቅ የሚባለው እኩሌታ ልቡን ወዲህ እኩሌታውን ወዲያ ያደረገ ሰው ነው። ጠያቂ ግን ሙሉ ልቡን ይዞ ይመጣል። በዳግም ትንሣኤ የምናስበው ቅዱስ ቶማስ፥ የጌታን ቊስል ካላየሁና ካልዳሰስሁ አላምንም ብሎ ነበር። ነገር ግን ጥያቄውን ይዞ ከሐዋርያት ማኅበር አልወጣም፤ እነርሱም አላባረሩትም። ከ8 ቀን በኋላ በዚያው ቤት ከእነርሱ ጋር ሳለ ጌታ መጣለት፤ ሳይቈጣም ቊስሉን አሳየው። ቶማስም ያየው ቊስልን ነበር፤ የመሰከረው ግን አምላክነትን ነው። ምርመራው ወደ ደጃፉ አደረሰው፤ ከደጃፉ ወደ ውስጥ ያገባው ግን መታመን ነው።

ሁሉን ነገር እስኪረጋገጥ ድረስ ምንም አልቀበልም ማለትስ ወዴት ያደርሳል? ፈረንሳዊው ፈላስፋ ዴካርት፥ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር በ1641 ዓ.ም. ባሳተመው መጽሐፍ፥ ሊጠረጠር የሚችለውን ሁሉ ትቶ የማይጠረጠር አንድ ነገር ፈለገ፤ ያገኘውም የሚያስብ እርሱ ራሱ መኖሩን ነው። አውግስጢኖስም ከእርሱ 1,200 ዓመታት ያህል ቀደም ብሎ፥ የሚሳሳት ሰው እንኳ ለመሳሳት መኖር እንዳለበት አስተምሮ ነበር። ይህ እውነት ነው፤ ነገር ግን በዚህች አንዲት እውነት ብቻ ማንም ሰው አንዲት ቀን መኖር አይችልም። እንጀራውን የጋገረችለትን፥ መንገዱን የነገረውን፥ ልጁን የሚያስተምርለትን ሰው ማመን ግድ ይሆንበታል።

እንግዲህ የፈለግነውን እናምን ማለት ነውን? አይደለም። ክሊፎርድ የተባለ ኢንግሊዛዊ የሒሳብ ሊቅ በ1877 ዓ.ም. እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር፥ ስለ አንድ ባለመርከብ ምሳሌ ጽፏል። ባለመርከቡ መርከቡ ያረጀች መሆኗን ያውቃል፤ ማሳደስ ግን ገንዘብ ያስወጣዋል። ስለዚህ «እስከ ዛሬ ስንት ማዕበል አልፋለች፤ እግዚአብሔርም ይጠብቃታል» እያለ ጥርጥሩን አስተኛው፤ በመጨረሻም ከልቡ አመነ። መርከቧ ከነሰዎቿ ሰጠመች። ክሊፎርድ እንዲህ ይፈርዳል፤ ባለመርከቡ ከልቡ ማመኑ ከጥፋት አያነጻውም፤ እንዲያ ብሎ የማመን መብት አልነበረውምና። ይህ ጸሐፊ የክርስትና ወዳጅ አልነበረም፤ ቢሆንም እውነት ከማንም አፍ ብትወጣ እውነት ናትና በዚህ ነገር እንሰማዋለን። የሌላው ሰው ሕይወት በቃላችን ላይ ሲንጠለጠል «ከልቤ አምኜ ነው የተናገርሁት» ማለት አይበቃም።

ክሊፎርድ ግን ከዚህ አልፎ፥ በቂ ማስረጃ የሌለውን ነገር ማመን ለማንም፥ በየትም፥ መቼም ስሕተት ነው ሲል ደነገገ። አሜሪካዊው ዊልያም ጄምስ እንደ አውሮጳውያን አቆጣጠር በ1896 ዓ.ም. በሰጠው መልስ ይህ ድንጋጌ ከልክ ያለፈ መሆኑን አሳይቷል። አንዳንድ ነገር መጠበቅን አይፈቅድም፤ ወዳጅነትን «አስቀድመህ ፍቅርህን አረጋግጥልኝ» ብሎ የሚጠብቅ ሰው ያለ ወዳጅ ይቀራል። መጠበቁም ራሱ አንድ ምርጫ ነው። በሁለቱ መካከል የእኛ መንገድ ይህ ነው፤ መመርመር የሚቻለውን ነገር ሳንመረምር አንናገር፤ መታመን የሚገባውን ደግሞ ካልለካን ብለን አንንፈገው።

እዚህ ላይ ከትምህርት ቤት ዘመናችን አንድ ነገር እናስታውሳለን። በመጽሐፍ ቤት ሳለን፥ ብዙ ዘመን ወንበር ዘርግተው ያስተማሩ የኔታ ነበሩን። አንድ ቀን ከተማሪዎች አንዱ የአንድ አስቸጋሪ ቃል ምሥጢር ጠየቃቸው። የኔታ ጥቂት ዝም ብለው፥ «ልጄ፥ ይህን አላውቀውም፤ የሚያውቁ ግን አሉ» አሉ። እኛ ልጆች ነበርንና እርስ በርሳችን ተያየን፤ አንዳንዶቻችንም በልባችን አቃለልናቸው። በማግሥቱ በትራቸውንና ጥቂት ስንቃቸውን ይዘው የአንድ ቀን ተኩል መንገድ ሄዱ። በተመለሱ ጊዜ ጉባኤውን ሰብስበው፥ የጠየቋቸውን መምህር ስም ጠርተው፥ «እርሳቸው እንዲህ ይላሉ፤ አንድምም እንዲህ ይላሉ፤ እኔም ዛሬ ተማርሁት» ብለው ነገሩን።

ያን ጊዜ ያልገባን ነገር በኋላ ገባን። ከዚያች ቀን ጀምሮ የኔታ «ይህ እንዲህ ነው» ባሉ ጊዜ ቃላቸው በልባችን ይበልጥ ይጸና ነበር። የማያውቁትን አላውቅም የሚሉ መሆናቸውን አይተናልና። አላውቅም የማይል ሰው አውቃለሁ ሲል በምን እናምነዋለን? በአንድምታ ትርጓሜያችንም ሊቃውንቱ ለአንድ ቃል ሁለትና ሦስት ፍቺ እየሰጡ «አንድም» ማለታቸው፥ እውነት የለችም ማለታቸው ሳይሆን፥ የሰው ልክ ሁሉን በአንድ ጊዜ እንደማይጨብጥ ስለሚያውቁ ነው። ቅዱስ ጳውሎስም ዛሬ የምናውቀው በከፊል፥ የምናየውም እንደ መስታወት ጥላ መሆኑን ለቆሮንቶስ ሰዎች አስተምሯል፤ ይህን ሲል ግን እምነቱ አልላላም።

አሁን ወደ ወጣቱ ጥያቄ እንመለስ። ልጃችን ሆይ፥ አላውቅም ማለትህ ክሕደት አይደለም። እናትህ በእግዚአብሔር ማመናቸው መልካም ነው፤ ጠበሉም የበረከትና የፈውስ መንገድ መሆኑን ቤተ ክርስቲያን ታስተምራለች። ነገር ግን የደም ግፊት ብዙ ጊዜ ሕመም ሳይሰማ ውስጥ ለውስጥ የሚኖር ነው። ራስ ባይታመም፥ ዓይን ባያጥወለውል፥ ሰውነት ቀለል ቢል፥ ግፊቱ ወርዷል ማለት አይደለም። የሚታወቀው ክንድ ላይ በሚጠመጠመው መሣሪያ ሲለካ ነው። ሐኪም ሳያዝ መድኃኒቱን የተወ ሰው ደኅና የሆነ መስሎት ሲኖር፥ ሳይታሰብ የአንጎሉ የደም ሥር ሊፈስስ ወይም ሊደፈን፥ ልቡና ኵላሊቱም ሊጎዳ ይችላል። ስለዚህ ይህ ጥያቄ በምርመራ በር የሚገባ ነው፤ የሚገባውም ዛሬ ነው፤ ለነገ የሚያድር አይደለም።

እናታችን ሆይ፥ ይህን ቃል እየሰሙ እንደ ሆነ ለእርስዎም እንናገራለን። ንጉሥ ሕዝቅያስ ታምሞ ሳለ፥ እግዚአብሔር በነቢዩ በኢሳይያስ አፍ 15 ዓመት በዕድሜው ላይ እንደሚጨመርለት ተስፋ ሰጠው። ከዚህ የሚበልጥ ምን እርግጠኛ ቃል አለ? እንደዚያም ሆኖ ኢሳይያስ የበለስ ጥፍጥፍ በቊስሉ ላይ እንዲደረግ አዘዘ። ሕዝቅያስም «ተስፋ ከተሰጠኝ በለሱ ለምኔ ነው?» አላለም። የሲራክ መጽሐፍም በምዕራፍ 38 ሐኪምን እንድናከብር፥ መድኃኒትንም ከምድር ያወጣ እግዚአብሔር መሆኑን ያስተምራል። በዘመናችንም በ1999 ዓ.ም. 5ኛው ፓትርያርክ ብፁዕ ወቅዱስ አቡነ ጳውሎስ፥ የኤች አይ ቪ መድኃኒት የሚወስዱ ምእመናን መድኃኒቱን ከጠበሉ ጋር አብረው እንዲጠቀሙ በአደባባይ መክረዋል። እንግዲህ ኪኒን መዋጥ መጠራጠር አይደለም። ከአንድ ጌታ እጅ ሁለት ስጦታ መቀበል ነው።

እግዚአብሔር ፈውሶዎት እንደ ሆነ፥ መለኪያው ፈውሱን አይሽረውም፤ እንደዚያ ለምጻም ራስዎን ለሚመረምር ሰው ያሳዩ፤ ሐኪሙም ራሱ ምስክር ይሆንልዎታል። ገና ካልሆነም፥ እምነትዎ ከንቱ ሆነ ማለት አይደለም። ታማኝነቱ የታወቀው ጌታ የመዳንዎን ቀንና መንገድ ለራሱ ጠብቆታል ማለት ነው። ልጅዎም ጠላትዎ አይደለም፤ የጠየቀዎት ስለሚወድዎት ነው።

አንተም ልጃችን፥ እናትህን በክርክር ለማሸነፍ አትሂድ። «እማዬ፥ እኔም አምናለሁ፤ አብረን እንሂድ፤ ከጠበሉም ከሐኪሙም ዘንድ አብሬሽ እቆማለሁ» በላቸው። ለንስሐ አባታቸውም ነገሩን አስረዳ፤ እርሳቸው በመካከል ገብተው ይምከሩ። እውነትን ይዞ ፍቅርን የጣለ ሰው ያገኘው ድል ለማንም አይጠቅምም።

እኛም ካህናት፥ በጠበል ቦታ የምናገለግል፥ ሕሙማንን የምናጽናና ሁላችን፥ ከአፋችን የሚወጣውን ቃል እንመዝን። «እግዚአብሔር ይችላል» ማለት ሥልጣናችን ነው። «ድነሻል፥ መድኃኒትሽን ጣይ» ማለት ግን ከማንም ያልተቀበልነው ሥልጣን ነው። የኦሪቱ ካህን 7 ቀን መጠበቅ ካላሳፈረው፥ እኛን የሚያሳፍረን ምንድን ነው?

በወንጌል አንድ አባት ልጁ በክፉ መንፈስ ሲሠቃይበት ወደ ጌታ መጣ። በእምነቱና በአለማመኑ መካከል ተጨንቆ፥ እንደሚያምን ተናገረ፤ ወዲያውም አለማመኑን እንዲረዳለት አልቅሶ ለመነ። ጌታችንም «አስቀድመህ ፍጹም እርግጠኛ ሁንና ተመለስ» አላለውም፤ ልጁን ፈውሶ ሰጠው። የዚያ አባት ልቅሶ የእያንዳንዳችን ጸሎት ነው። የማናውቀውን ብዙ ነገር ይዘን፥ በምናውቀው በእርሱ ፊት እንቆማለን።

እግዚአብሔር አምላካችን የምናውቀውን በትሕትና እንድንናገር፥ የማናውቀውን በትዕግሥት እንድንጠይቅ፥ ታማኝ በሆነው በእርሱም ላይ እንድናርፍ ይርዳን። የታመሙትን ይማርልን፤ የሐኪሞችን እጅ ይባርክልን፤ በእናትና በልጅ መካከል ሰላምን ያውርድልን።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር፥ ወለወላዲቱ ድንግል፥ ወለመስቀሉ ክቡር። አሜን።